ሮሜዎ ያልሞተበት መንደር፦ የአንድ ድምፅ አልባ ፊልም የጉዳይ ጥናት

በሼክስፒር «ሮሜዎና ዡልየት» አምስተኛ ገቢር ላይ አንድ መድኃኒት ቀማሚ ብቅ ይላል። ዐጥንቱ የፈጠጠ፣ ቡትቶ የለበሰ፣ የሱቁ መደርደሪያ በባዶ ሣጥን የተሞላ ድኻ ነው። በሚኖርባት በማንቱዋ ከተማ መርዝ የሸጠ ሰው በሞት ይቀጣል። ሮሜዎ አርባ ዱካት ሲዘረጋለት ግን እጁን ይሰጣል፤ የተስማማው ድህነቴ እንጂ ፈቃዴ አይደለም ይላል። በጠቅላላው የሚናገረው ሰባት መስመር ነው። ሰባቷን መስመር ተናግሮ ከመድረክ ይወርዳል፤ ሮሜዎም የሞቱን ዕቃ በእጁ ይዞ ወደ ቬሮና ይመለሳል።

በበርሊናዊው ኤርንስት ሉቢች ፊልም ውስጥ ያለው መድኃኒት ቀማሚ ሌላ ዓይነት ሰው ነው። ሁለት የመንደር ወጣቶች አብረው ሊሞቱ ቆርጠው መርዝ ሽጥልን ይሉታል። እሱም የስኳር ውኃ ይሰጣቸዋል። ፊልሙ «ሮሜዎና ዡልየት በበረዶ ውስጥ» ይባላል፤ በማርች 1920 በጀርመን ለሕዝብ የታየ፣ ድምፅ የሌለው፣ ከአንድ ሰዓት ያነሰ ኮሜዲ ነው። (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።) ይህን ጽሑፍ ለመጻፍ ያነሣሣኝ ያ የስኳር ውኃ ነው። ሳየው መጀመሪያ እንደ ተራ ቀልድ አልፌው ነበር። ቆይቶ ግን የተውኔቱን ምሰሶ የነቀለው ይኸው ብርጭቆ መሆኑ ገባኝ።

ቃል የተወሰደበት ተውኔት

የሼክስፒርን ተውኔቶች በካሜራ መቅረጽ የተጀመረው ሲኒማ ገና ዳዴ በሚልበት ጊዜ ነው። በ1899 ኸርበርት ቢርቦም ትሪ የተባለው የለንደን ስመ ጥር የመድረክ ሰው ከ«ንጉሥ ጆን» ጥቂት ትዕይንቶችን ለካሜራ ተጫወተ፤ ዛሬ የቀረው ንጉሡ ተመርዞ ወንበሩ ላይ ሲያጣጥር የሚታይበት ቁራጭ ብቻ ነው። በ1908 አካባቢ የአሜሪካው ቫይታግራፍ ኩባንያ የአምስት ገቢር ተውኔት በአንድ ጥቅል ፊልም፣ ማለትም ከሩብ ሰዓት ባልበለጠ ጊዜ፣ አሳጥሮ ያወጣ ነበር። በ1916፣ ደራሲው የሞተበት 300ኛ ዓመት ሲታሰብ፣ ፎክስና ሜትሮ የተባሉ ሁለት ተፎካካሪ ኩባንያዎች እያንዳንዳቸው አንድ «ሮሜዎና ዡልየት» ይዘው ቀረቡ። ሁለቱም ፊልሞች ጠፍተዋል።

የእነዚህ ሥራዎች ችግር አንድ ነበር። ሼክስፒር ማለት ቃል ነው፤ ፊልሙ ደግሞ ዲዳ ነው። እኛም ብንሆን ሮሜዎን ያወቅነው በቃል ነው፤ ብዙዎቻችን ታሪኩን የቀመስነው ከበደ ሚካኤል በአማርኛ ግጥም በመለሱልን መጽሐፍ ነው፤ በልባችን የቀረውም የስንኙ ዜማ ነው። ያንን ዜማ አንሥቶ፣ ጢም የለጠፈ ተዋናይ በቬሮና ልብስ ቆሞ አፉን ሲከፍትና እጁን ሲያወናጭፍ ብቻ ማየት ምን ይመስላል? ተመልካቹ ታሪኩን አስቀድሞ ካላወቀ ምንም አይገባውም። ካወቀ ደግሞ ስንኙ እየናፈቀው ይቀመጣል። አንዳንዶቹ ፊልም ሠሪዎች ግጥሙን በጽሑፍ ካርድ እየቆራረጡ በትዕይንቶቹ መካከል ሰነቀሩት፤ ያኔ ሲኒማ ቤቱ ማንበቢያ ክፍል ሆነ።

ሌላው መንገድ ልብሱንም ቃሉንም አውልቆ ታሪኩን ብቻ ወደ ሌላ ቦታ ይዞ መሄድ ነበር። በ1912 ቫይታግራፍ ሁለቱን ባለ ቂም ቤተሰቦች ሁለት የአሜሪካ ነባር ሕዝቦች ነገዶች አድርጎ ሞክሮታል። ይህን መንገድ ከሁሉ በተሻለ የተጠቀመበት ግን፣ በእኔ ግምት፣ ሉቢች ነው። የእሱ ሙከራ ተውኔቱን ከነበረበት ማዕረግ ጎትቶ ማውረድን ይጨምር ነበርና።

የልብስ ሰፊው ልጅ

ሉቢች በ1892 በርሊን ውስጥ ተወለደ። አባቱ አይሁዳዊ ልብስ ሰፊ ነበር። በ1911 የማክስ ራይንሃርት ቡድን ውስጥ ገብቶ በትናንሽ ሚናዎች መጫወት ጀመረ። ራይንሃርት በዘመኑ በጀርመን ከነበሩት የቴአትር አዘጋጆች ሁሉ የገነነ፣ ሼክስፒርን በሚሽከረከር መድረክና በብዙ ብርሃን የሚያሳይ ሰው ነበር። ሉቢች እንግዲህ እነዚያን ታላላቅ ተውኔቶች ያያቸው ከመድረኩ ዳር ቆሞ ነው። ከዳር የሚያይ ሰው የንጉሡን ግርማ ብቻ አያይም፤ ንጉሡ ዘውዱን ሲያስተካክል፣ ላቡን ሲጠርግ፣ ተራውን ሲጠብቅም ያያል። ከሠላሳ ዓመታት በኋላ አሜሪካ ውስጥ በሠራው «መኖር ወይስ አለመኖር» በተባለው የ1942 ፊልሙ ውስጥ ጦር ተሸክሞ ከመቆም በቀር ሚና አግኝቶ የማያውቅ፣ የሼክስፒርን የ«ቬኒስ ነጋዴ» ገጸ ባሕርይ ሻይሎክን የመጫወት ሕልም ያለው አንድ ተራ ተዋናይ አለ። ያንን ገጸ ባሕርይ ባየሁ ቁጥር የወጣቱ ሉቢች ዘመን ትዝ ይለኛል።

በ1919 ሉቢች ኡፋ በተባለው የጀርመን ፊልም ኩባንያ ስር ትልቁን ታሪካዊ ፊልሙን «ማዳም ዱባሪ»ን አወጣ፤ በርሊን የሚገኘው ታላቁ የኡፋ ሲኒማ ቤትም በሴፕቴምበር 1919 የተከፈተው በዚሁ ፊልም ነው። የፈረንሳይ ቤተ መንግሥት፣ ሕዝብ የሚያጥለቀልቀው ትዕይንት፣ ውድ ልብስ፤ ሁሉም ነገር በገፍ ነበር። ከዚያ በኋላ፣ በዚያው ክረምት፣ ከሥራ ባልደረባው ከደራሲው ሃንስ ክሬሊና ከካሜራ ባለሙያው ከቴዎዶር ሽፓርኩል ጋር ሁለት አጫጭር የገጠር ኮሜዲዎችን ሠራ። አንደኛው የዛሬ ጉዳያችን ነው። ሁለተኛው «የኮልሂዝል ልጆች» ይባላል፤ እሱም የሼክስፒር ነው፤ ወደ ኋላ እመለስበታለሁ።

ሁለቱ ፊልሞች የወጡት በማርች 1920፣ በጥቂት ቀናት ልዩነት ነው። ጊዜው ምን ዓይነት እንደነበር ማስታወስ ይገባል። ጀርመን በጦርነት ተሸንፋለች፤ የቬርሳይ ውል በሥራ ላይ ከዋለ ሁለት ወር ነው፤ በማርች 13 የካፕ መፈንቅለ መንግሥት ተነሥቶ በጠቅላላ የሥራ ማቆም አድማ በአራት ቀን ውስጥ ከሸፈ። በጦርነቱ ዘመን ሕዝቡ አንድ ክረምት የጎመን ዘመድ በሆነ የከብት ቀለብ አሳልፏል፤ የእንግሊዝ የባሕር እገዳ የተነሣው በ1919 አጋማሽ ነው። ይህን ያነሣሁት ለታሪክ ጌጥ አይደለም። ስለ ቋሊማ ላወራ ነው።

ካፑለትሆፈርና ሞንተኩገርል

ፊልሙ የሚጀምረው በዳኛ ፊት ነው። ሁለት ቤተሰቦች ይካሰሳሉ። ካፑሌቶች በፊልሙ ካፑለትሆፈር ሆነዋል፤ ሞንታጎች ደግሞ ሞንተኩገርል። በጀርመንኛ «ሆፍ» የገበሬ ግቢ ነው፤ «ሆፈር» የሚል የስም ጭራ በደቡብ ጀርመን የሞላ የባላገር ስም ነው። «ኩገርል» ደግሞ በባቫሪያ አነጋገር ትንሽ ድቡልቡል ነገር፣ እንክብል ማለት ነው። እነዚያ የቬሮና መኳንንት በአንድ የስም ጭራ ብቻ ከሰገነት ወደ በረት ወረዱ። በእኛ ቢሆን የአንድን ደጃዝማች ስም ወስዶ ማዕረጉን አንሥቶ «እንክብሌ» የሚል ቅጽል እንደ መለጠፍ ነው።

ሁለቱም ወገኖች ለዳኛው እጅ መንሻ ይዘው መጥተዋል፤ እጅ መንሻውም ቋሊማ ነው። ዳኛው የፍትሕ ምልክት የሆነውን ሚዛን ያነሣና የግራውን ወገን ቋሊማ በአንዱ ሳህን፣ የቀኙን በሌላው ላይ ያስቀምጣል። ሚዛኑ እኩል ይሆናል። እንግዲህ የፍርዱ መንፈስ ገብቷችኋል።

እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ የፊልሙ አሠራር ሁሉ በዚህ ትዕይንት ውስጥ አለ። በሼክስፒር መክፈቻ ላይ አደባባዩ በሰይፍ ሲታመስ ልዑል ኤስካሉስ ይመጣና ከእንግዲህ ሰላም ያወከ በሕይወቱ ይከፍላል ብሎ ያውጃል። አዋጁ በኋላ ሮሜዎን ከከተማ የሚያስወጣው፣ ነገሩንም ወደ ሞት የሚገፋው ነው። ሉቢች ልዑሉን በመንደር ዳኛ፣ የሞት አዋጁን በቋሊማ ለወጠው። ሕጉ ሆድ ያለው ሰው ሆነ፤ ሆድ ያለው ሕግ ደግሞ ማንንም ከአገር አያሳድድም። ይህን ሁሉ ለማስረዳት አንድም ቃል አላስፈለገም፤ ሚዛን የማያውቅ፣ ጉቦ የማያውቅ ተመልካች የለም። በ1920 በርሊን ውስጥ ለተቀመጠ ሰው ደግሞ ያ የሚዛን ቋሊማ ባዶ ቀልድ ብቻ አልነበረም። ስንት ወር ሥጋ ያላየ ተመልካች በትልቁ ሸራ ላይ ቋሊማ ሲመዘን እያየ ነው። ሳቁ ከምራቅ ጋር የወጣ ይመስለኛል።

ሙግት የሚወድ ገጠር ለአማርኛ አንባቢም ባዕድ አይደለም፤ በአንድ ትልም ድንበር ሦስት ትውልድ ችሎት የተመላለሰበትን ቤተሰብ የማያውቅ ጥቂት ነው። ለጀርመን ተመልካችም ይህ ነገር ቀድሞ በልቡ ነበር። በ1856 ስዊዘርላንዳዊው ጎትፍሪድ ኬለር «ሮሜዎና ዡልየት በመንደር» የሚል አጭር ልቦለድ አውጥቶ ነበር። በዚያ ታሪክ ሁለት ገበሬዎች በመሬታቸው መካከል ያለውን ባለቤቱ ያልታወቀ ማሳ በየዓመቱ አንድ አንድ ትልም እየገፉ ይበሉታል፤ ከዚያ ይጣላሉ፣ ይካሰሳሉ፣ ሁለቱም በሙግት ይደኸያሉ፤ ልጆቻቸው ተዋደው መውጫ ቢያጡ በድርቆሽ በተጫነ ጀልባ ላይ አድረው ወንዝ ውስጥ ይሰጥማሉ። የሉቢች ፊልም ርእስ የዚህን ልቦለድ ርእስ ያስተጋባል። ተመልካቹ ወደ ሲኒማ ቤቱ ሲገባ የቬሮናን መቃብርም የኬለርን ወንዝም በልቡ ይዞ ነው። ሁለት ሞት ይጠብቃል።

ለመሆኑ ይህ «ዘመናዊ» ይባላል? በፊልሙ ውስጥ ባቡርም፣ ስልክም፣ የበርሊን መንገድም የለም። ያለው በረዶ የሸፈነው የተራራ መንደር፣ የባላገር ባርኔጣ፣ የእንጨት ቤት ነው። እኔ ግን ዘመናዊ እለዋለሁ። መንደሩ ተመልካቹ በባቡር ሄዶ ሊያየው የሚችለው፣ የራሱ አገር፣ የራሱ ዘመን ገጠር ነው። በተጨማሪም የገበሬ ኮሜዲ በጊዜው በጀርመን ሕያው የመድረክ ዓይነት ነበር፤ ከ1892 ጀምሮ የሽሊርዜ የገበሬዎች ቴአትር የሚባለው የባቫሪያ ቡድን በየከተማው እየዞረ፣ አሜሪካም ድረስ ተሻግሮ፣ ይህንኑ ያሳይ ነበር። ሉቢች ሁለት ዕቃዎችን አንድ ላይ ጣለ፤ የትምህርት ቤቱን ሼክስፒርና የቢራ አዳራሹን ባላገር። የበርሊን አፓርታማ ውስጥ ሁለት ቤተሰብ ቢጣላ ቤት ይቀይራል። መንደር ውስጥ ግን መሬት አይቀየርም፣ ጎረቤትም አይቀየርም፤ ቂሙ ይቆያል። ቦታው የተመረጠው ለዚህ ነው።

ስለ በረዶውም አንድ ነገር። እኛ በረዶ የምንለው ከዝናብ ጋር ወርዶ ሰብል የሚያወድመውን ነው፤ እዚያ ግን ወራት ሙሉ ምድርን እንደ ጋቢ የሚሸፍነው ነው። ድምፅ በሌለው ፊልም ውስጥ ይህ ትልቅ ጥቅም አለው፤ በነጭ መሬት ላይ ጥቁር የለበሰ ሰው ከሩቅ ይነበባል። ማን ወደ ማን እንደሚሮጥ፣ ማን ተደብቆ እንደሚጠብቅ፣ ማን ተንሸራቶ እንደወደቀ ያለ ጽሑፍ ካርድ ይታወቃል። ሽፓርኩል ካሜራውን ራቅ አድርጎ ሲያቆም ሰዎቹ በገጽ ላይ እንደ ፊደል ይሆናሉ።

ተዋናዮቹን በአጭሩ ላንሣ። ሮሜዎን ጉስታቭ ፎን ቫንገንሃይም ይጫወታል፤ ከሁለት ዓመት በኋላ «ኖስፌራቱ» በተባለው የደም መጣጩ ፊልም ውስጥ ወደ ቤተ መንግሥቱ የሚላከውን ወጣት የተጫወተው እሱ ነው። ዡልየት ሎተ ኖይማን ናት። የካፑለትሆፈርን አባወራ ያኮብ ቲድከ ይዞታል። ፓሪስን፣ ማለትም ቤተሰቡ ለዡልየት የመረጠውን እጮኛ፣ ዩሊዩስ ፋልክንሽታይን ጅላጅል አድርጎ ይጫወተዋል። በሼክስፒር ፓሪስ መልከ መልካምና ጨዋ ነው፤ በመጨረሻም በሮሜዎ ሰይፍ ይሞታል። እዚህ ፓሪስ ሞኝ ብቻ ነው። ሞኝ ደግሞ አይገደልም፤ ይሳቅበታል። ይህም ከቋሊማው ጋር አንድ ዓይነት ሥራ ይሠራል፤ ተውኔቱ ሬሳ የሚያመርትባቸው ቦታዎች አንድ በአንድ ይደፈናሉ።

ሁለት ጠርሙስ

አሁን ወደ ስኳሩ ውኃ።

በሼክስፒር ተውኔት ውስጥ ሁለት ጠርሙስ አለ። አንደኛው አባ ሎሬንስ ለዡልየት የሚሰጣት የእንቅልፍ መድኃኒት ነው፤ ለአርባ ሁለት ሰዓት ሞታ እንደሆነች ያስመስላታል። ሁለተኛው መድኃኒት ቀማሚው ለሮሜዎ የሚሸጠው እውነተኛ መርዝ ነው። ሁለቱን የሚያገናኝ አንድ ደብዳቤ አለ፤ ዡልየት እንዳልሞተች ለሮሜዎ የሚነግር። ደብዳቤውን የያዙት አባ ጆን ግን ወረርሽኝ ገብቶበታል ተብሎ በተዘጋ ቤት ውስጥ ተዘግቶባቸው ይቀራሉ። ስለዚህ ሐሰተኛው ሞት እውነተኛውን ሞት ይወልዳል። ሮሜዎ ጥቂት ደቂቃ ዘግይቶ ቢደርስ ኖሮ ተውኔቱ ሠርግ ይሆን ነበር። ይህን ተውኔት እንደ አደጋ ትራጀዲ የሚቆጥሩት ብዙዎች ናቸው፤ ሞቱን ያመጣው የማንም ክፋት ሳይሆን የሰዓት ስሕተት ነውና።

ሉቢችና ክሬሊ ሁለቱን ጠርሙሶች ወስደው አንድ አደረጓቸው። መርዝ ሆኖ የተጠየቀው የስኳር ውኃ ሆኖ ወጣ። ወጣቶቹ መርዝ ነው ብለው አብረው ይጠጡታል፤ ተጋድመውም ሞትን ይጠብቃሉ። ቤተሰቦቹ ይደርሳሉ፤ ልጆቻችን ሞቱ ብለው ያለቅሳሉ፤ በለቅሶው መካከል ይታረቃሉ። ከዚያ «ሬሳዎቹ» ይነሣሉ።

ይህ ንድፍ በጥንቃቄ ሲታይ ያስደንቃል። አባ ሎሬንስ ሲያልሙት የነበረው ይህንኑ አልነበረምን? የሐሰት ሞት ቤተሰቦቹን ያስታርቃል የሚል ተስፋ ነበራቸው። ዕቅዳቸው የተበላሸው ሁለት ሰው በሁለት ከተማ፣ በሁለት ሰዓት፣ ሁለት የተለያየ ነገር ስለጠጣ ነው። ሉቢች ሁለቱን ልጆች በአንድ ቦታ፣ በአንድ ሰዓት፣ አንድ ነገር ሲያጠጣቸው ደብዳቤው አያስፈልግም፣ መልእክተኛው አያስፈልግም፣ ወረርሽኙም አያስፈልግም። የካህኑ ሥራ ወደ መድኃኒት ቀማሚው ተዛወረ። በተውኔቱ ሰባት መስመር ብቻ የነበረው ረኃብተኛ በፊልሙ ውስጥ ከሁሉም የበሰለ ሰው ሆነ።

እዚህ ላይ አንድ አንባቢ፣ ይህማ ትራጀዲን ማቅለል ነው፣ የታላቁን ደራሲ ሥራ ማጫወቻ ማድረግ ነው ሊለኝ ይችላል። ተቃውሞውን አልንቀውም። የዡልየት የመቃብር ስጋት፣ የሮሜዎ የመጨረሻ መሳም፣ እነዚህ በፊልሙ ውስጥ የሉም። ሉቢች ግን ሊያሳያቸው ሞክሮ አልከሸፈበትም፤ ከመነሻው አልሞከረም። እነዚያ ነገሮች በቃል የተሠሩ ናቸው፤ ቃል በሌለበት ሲሠሩ ምን እንደሚሆኑ በ1908ቱና በ1916ቱ ፊልሞች ዘመን ታይቷል። እሱ የወሰደው ቃል ሲነሣ የሚቀረውን አጽም ነው። አጽሙም ለካ የኮሜዲ አጽም ኖሯል፤ የሚጣሉ አባቶች፣ በድብቅ የሚገናኙ ልጆች፣ ያልተፈለገ እጮኛ፣ የሐሰት ሞት። የሼክስፒር ተውኔት ራሱ እስከ ሦስተኛው ገቢር መጀመሪያ፣ የሮሜዎ ወዳጅ መርኩሽዮ እስኪወጋ ድረስ፣ የሚሄደው በኮሜዲ መንገድ ነው። ሉቢች ያንን መንገድ ሳያጥፍ እስከ መጨረሻው ሄደበት።

አንድ ነገር ግን አልወደድኩለትም። ፊልሙ ፍቅሩን ራሱን ከልብ አይወስደውም። ሮሜዎና ዡልየት እንደ ሌሎቹ ሁሉ የሚሳቅባቸው ባላገሮች ናቸው፤ በመካከል አንድ ደቂቃ እንኳ ሳቁን ገታ አድርጎ ሁለቱን ብቻ ቢያሳየን፣ የመጨረሻው የስኳር ውኃ ይበልጥ ይጣፍጥ ነበር። የበርሊን ሰው ገጠሬን ሲያይ ያለበት ንቀትም አልፎ አልፎ ይሸታል።

የኮልሂዝል ሁለት ልጆች

መንትያ ፊልሙ በገንዘብም በዝናም የተሻለ ነበረ፤ ሉቢች ራሱ ከብዙ ዓመታት በኋላ፣ በሞተበት በ1947 በጻፈው ደብዳቤ፣ በጀርመን ከሠራቸው ኮሜዲዎች ሁሉ በሕዝብ ዘንድ እጅግ የተወደደው «የኮልሂዝል ልጆች» እንደነበረ፣ ታሪኩም የሼክስፒር ተውኔት ወደ ባቫሪያ ተራሮች ተዛውሮ እንደሆነ አስታውሷል። ተውኔቱ «ነገረኛዋን መግራት» ልንለው የምንችለው ነው። ባፕቲስታ የተባለ ሀብታም ሁለት ሴት ልጆች አሉት፤ ታላቂቱ ካተሪና ምላሷ የተሳለ፣ ታናሺቱ ቢያንካ ለስላሳ። ታላቂቱ ሳትዳር ታናሺቱ አትዳርም ይላል አባት። ፔትሩቺዮ ሃያ ሺህ ክራውን ጥሎሽ ብሎ ካተሪናን አገባት፤ በረኃብና በእንቅልፍ እጦት «ገራት»።

በፊልሙ አባትየው የእንግዳ ማረፊያ ባለቤት ነው፤ ልጆቹ ሊዝልና ግሬትል ናቸው። ኤሚል ያኒንግስ የሚጫወተው ፔተር ክሳቨር እና ቫንገንሃይም የሚጫወተው ፓውል ዜፕል ሁለቱም ግሬትልን ይፈልጋሉ። ብልጡ ዜፕል ጡንቸኛውን ክሳቨርን ይመክረዋል፤ መጀመሪያ ሊዝልን አግባ፣ ከዚያ ፍታትና ግሬትልን ትወስዳለህ። ክሳቨር የዋህ ነው፤ ያምናል። ይህ የክሬሊ ፈጠራ በእኔ ዓይን ከዋናው ተውኔት ይሻላል። በሼክስፒር ጠያቂዎቹ ሌላ፣ አግቢው ሌላ ነው፤ እዚህ አግቢው ራሱ የተታለለ ጠያቂ ነው፤ ሌላዋን ለማግኘት ያገባትን ሴት መውደዱ ደግሞ ቅጣቱም ሽልማቱም ይሆናል።

ሁለቱንም እህትማማቾች የተጫወተችው አንዲት ሴት ናት፤ ሄኒ ፖርተን፣ በጊዜው በጀርመን ከነበሩት ኮከቦች ሁሉ የታወቀችው። በአንድ ትዕይንት ውስጥ ሁለቱን እህትማማቾች ጎን ለጎን ለማሳየት የዚያ ዘመን ዘዴ እንዲህ ነበር፤ የሌንሱ ግማሽ ይሸፈናል፣ በግራ በኩል አንዷ ትቀረጻለች፤ ፊልሙ ወደ ኋላ ተጠቅልሎ ሽፋኑ ይገለበጣል፣ አሁን ልብስ የቀየረችው ሌላዋ በቀኝ ትቀረጻለች። ካሜራው በእጅ የሚዘወር ስለነበር የእጅ ዙሩ ሳይሳሳት መቆጠር አለበት፤ ተዋናይቱም ከሌለ ሰው ጋር፣ በትክክለኛው ቅጽበት፣ መጫወት አለባት። ከዘዴው ይልቅ ግን ትርጉሙ ነው የሚገርመው። መልካምቱም ነገረኛይቱም አንድ ፊት ካላቸው፣ ልዩነቱ ያለው በተፈጥሮ ላይ ሳይሆን በፀጉር አበጣጠር፣ በአካሄድና በልብስ ላይ ነው ማለት ነው። ሊዝል ከግሬትል ተምራ ስታጌጥ ተመልካቹ አዲስ ሴት አያይም፤ ቀድሞም የነበረችውን ሄኒ ፖርተንን ያያል።

ያኒንግስ በሠርጉ ማግስት ቤቱን የሚያምሰው፣ ዕቃ እየሰበረ ሚስቱን የሚያስፈራራው ትዕይንት ዛሬ ሲታይ ይከብዳል። ባል ወንበር ሰብሮ ሚስቱን መግራቱ ለ1920 ተመልካች ሳቅ ነበር፤ ለእኔ ሳቁ በግማሽ መንገድ ቆሞብኛል። ነገር ግን ድምፅ አልባነቱ እዚህም አንድ ያልታሰበ ውለታ ውሏል። በተውኔቱ መጨረሻ ካተሪና ሴቶች ለባሎቻቸው ስለመገዛት አርባ አራት መስመር ያለው ረጅም ንግግር ታደርጋለች፤ እስከ ዛሬ አዘጋጆችን የሚያስጨንቀው፣ ፌዝ ነው ወይስ የምር እያሉ የሚከራከሩበት ንግግር። አርባ አራት መስመር በጽሑፍ ካርድ ላይ አይወጣም። ስለዚህ የሊዝል ስብከት የለም።

ሄኒ ፖርተን በ1930 ድምፅ ሲመጣ ሁለቱን እህትማማቾች እንደገና ተጫወተቻቸው፤ በ1962 ደግሞ ሊዘሎተ ፑልፈር በቀለም ፊልም ሁለቱንም ያዘቻቸው። በእነዚህ ዓመታት ታሪኩ ከሼክስፒር ይልቅ የባቫሪያ የራሱ ንብረት መስሏል።

ሉቢችን በ1922 መጨረሻ ወደ አሜሪካ ያስመጣችው ተዋናይትና አዘጋጅ ሜሪ ፒክፎርድ ነበረች። በ1929 እሷም ከባሏ ከዳግላስ ፌርባንክስ ጋር ይህንኑ «ነገረኛዋን መግራት» ሠራች፤ የሼክስፒር ተውኔት ሙሉ ርዝመት ባለው ባለ ድምፅ ፊልም ሲቀርብ ያ የመጀመሪያው ነው። ድምፅ ሲመጣ ያ ንግግር አጥሮም ቢሆን ተመለሰ። ባሏ ራሱ ላይ በፋሻ ተጠቅልሎ ማዕድ ላይ ተቀምጧል፤ ፒክፎርድ ስለ መገዛት የሚያወራውን ንግግር በሚሰማ ድምፅ ትናገራለች። ልትጨርስ ስትል ዞር ብላ ለእህቷ ለቢያንካ በአንድ ዓይኗ ትጠቅሳለች።